ለሱፐርማርኬቱ የላክነው ሽማግሌ

ትልቁ ሱፐርማርኬት መጀመሪያ የላከልን የጸጉር ቅባት ነበር። ቅባት፣ ማበጠሪያ፣ የእጅ መስታወትና የጸጉር ማስያዣ፣ ካርቶን በካርቶን ላይ። አይሱዙው ከወረታ ወጥቶ አቧራውን እያቦነነ በማሳው መሀል ሲመጣ ልጆቹ ከየክፍላቸው ግር ብለው ወጡ። እኔም ጠመኔዬን እንደያዝሁ አብሬያቸው ሮጥሁ። የመጀመሪያው ካርቶን ተከፍቶ የቅባቱ ሽታ አፍንጫዬን ሲመታኝ ልቀመጥ መሬት አጣሁ። ሰዎቹን ልረግማቸው ነበር፤ ግን ምን አድርገው? ጥፋቱ የእኔ ነው። ደብዳቤውን የጻፍሁት እኔ ነኝ።

እኔ እንግዲህ አፌ የማያርፍ ሴት ነኝ። ከባጃጅ ሹፌር ጋር ሳልጨቃጨቅ የዋልሁበት ቀን የለም። ስብሰባ ላይ ሰው ሁሉ አንገቱን ሲደፋ እጄን የማወጣው እኔ ነኝ። እናቴ፣ ነፍሷን ይማረውና፣ «የዚህችን አፍ የሚችል ባል ከየት ይመጣላታል» እያለች ትጨነቅ ነበር። ባሉ መጣ፤ አፌን ግን እሱም አልቻለውም። ይህን ሁሉ የምለው ለጉራ አይደለም። ያ ሁሉ አፍ አንዲት ቃል አውጣ ሲባል እንዴት እንደተለጎመ ልነግራችሁ ነው።

ትምህርት ቤታችን ከወረታ ወደ ጣና በኩል፣ ሜዳው ላይ ነው። በክረምት ውሃው ሲተኛ ግቢው ኩሬ ይሆናል፤ የክፍሎቹ ግድግዳ ላይ ውሃው የደረሰበት ቡናማ መስመር እስከ አሁን አለ። ትንንሾቹ ልጆች ቁመታቸውን የሚለኩት በእሱ ነው። እኔ ስምንተኛ ክፍልን ሒሳብ አስተምራለሁ። የሴቶች ክበብ ኃላፊም ነኝ፤ ኃላፊ ያደረጉኝ ከስብሰባ በቀረሁበት ቀን ነው፤ ብገኝማ አፌን ፈርተው አይመርጡኝም ነበር።

ስም ስጠራ አንድ ነገር አስተውል ነበር። ትልልቆቹ ሴቶች ልጆች በየወሩ ሁለት ሦስት ቀን ይጠፋሉ። አንዷ ስትመለስ ሌላዋ ትቀራለች። ሴት ስለሆንሁ ምክንያቱን ጠይቄ አላውቅም፤ እኔም ተማሪ ሳለሁ እንዲሁ እቀር ነበር። ቤት ያለው አሮጌ ጨርቅ ነው። የሴቶቹ ሽንት ቤት በር ደግሞ ማጠፊያው ከወለቀ ቆይቷል፤ አንዷ ስትገባ ሌላዋ ከውጭ ይዛላት ትቆማለች። እንዲህ ሆኖ ማን ቀኑን ሙሉ ክፍል ውስጥ ይቀመጣል?

ከሁሉም የሚያንገበግበኝ የአንዲቱ ነገር ነው። የፊተኛው ወንበር ላይ የምትቀመጥ፣ ጥያቄ ጽፌ ሳልጨርስ መልሱን የምትይዝ ልጅ ነበረችኝ። እልኸኛ ናት፤ ከተሳሳትሁ ታርመኛለች፣ እኔም እናደዳለሁ፣ ግን እወዳታለሁ። በጥር አንድ ጠዋት ሰሌዳው ላይ አውጥቼ ጥያቄ ሰጠኋት። ጀርባዋን ለክፍሉ ሰጥታ ስትሠራ ከኋላ ያሉት ወንዶች መሳቅ ጀመሩ። ዞር ብዬ ሳይ ቀሚሷ ደም ነክቶታል። ነጠላዬን አውልቄ ላለብሳት ስል፣ ሳቁ የምን እንደሆነ ገብቷት በሩን ገፍታ ወጣች። ጥያቄውን ግን ጨርሳው ነበር። መልሱም ልክ ነበር።

በማግስቱ አልመጣችም። በሳምንቱም አልመጣችም። ወንዶቹን ምን እንዳደረግኋቸው አልናገርም፤ የሚነገር አይደለም። በሁለተኛው ሳምንት ቤቷ ሄድሁ። እናቷ ደጅ ላይ ሩዝ ታነፍሳለች፣ ልጅቷ ከጎተራው ጀርባ ደብተሯን ጭኗ ላይ ዘርግታ ትጽፋለች።

«ቲቸር፣ ሒሳቡን እዚሁ እሠራዋለሁ፤ ክፍል ግን አልገባም» አለችኝ፣ ገና ሰላም ሳልላት።

«እስከ መቼ?»

«እንደዚያ ቀን የማልሆንበት ነገር ካገኘሁ ነገውኑ እመጣለሁ። ካላገኘሁ አልመጣም።»

ይኸው ነው። ልጅቷ የጠየቀችው ይህንን ብቻ ነበር።

አባቷ በሬዎቹን እየነዱ ደረሱ። የወላጅና መምህር ኅብረት ሰብሳቢያችን ናቸው፤ ለትምህርት ቤቱ አጥር እንጨት ሲያስፈልግ ቀድመው የሚሸከሙ፣ ዝምተኛ ገበሬ። «ትምህርቱ ከበዳት መሰለኝ፣ መምህርት» አሉኝ። «ከይፋግ ሰዎች ልከውብኛል። ለዳግማይ ትንሣኤ ሽማግሌ እንልካለን ብለዋል። ብትማር እመልሳቸው ነበር። ተቀምጣ እየዋለች ግን ምን ብዬ ልመልሳቸው?»

«አሥራ አምስት ዓመቷ እኮ ነው! ሕግም አለ ጋሼ!» ጮህሁ።

«በሕግ አታስፈራሪኝ፤ መልስ ስጪኝ። ለምን ቀረች?»

እናትየዋ ሰፌዱን ይዛ ከኋላቸው ቆማለች። በዐይኗ ትለምነኛለች፤ እንዳትነግሪብኝ። እኔም የማልናገረው የለም ብዬ የምፎክረው ሴትዮ መሬት መሬት አየሁ። «እንጃ ጋሼ» ብዬ ወጣሁ። እስከ ዋናው መንገድ ድረስ ራሴን እየሰደብሁ ሄድሁ።

እንግዲህ ልመናው የተጀመረው በዚህ ነው። ወረታ ያሉ ነጋዴዎች ደጋጎች ናቸው፤ ደብተርም ሳሙናም ሰጥተውን ያውቃሉ። ግን ለዚያ ሁሉ ሴት ልጅ በየወሩ የሚሆን ነገር ከአንድ ሱቅ አይወጣም። ባሕር ዳር ያለች ጓደኛዬ ናት መላውን ያመጣችው። «ትልልቆቹ መደብሮች እኮ ለኅብረተሰቡ ብለው የሚመድቡት አላቸው። ጠያቂ አጥተው ነው» አለችኝ። ከእነሱ አንዱ፣ ዋና መሥሪያ ቤቱ አዲስ አበባ የሆነ ሱፐርማርኬት፣ ባሕር ዳር ቅርንጫፍ አለው። ለእሱ እንጻፍ ተባለ።

የመጀመሪያው ረቂቄ እንደ እኔው ግልጽ ነበር። «ለሴት ተማሪዎቻችን ሞዴስ እንድትሰጡን» ይላል። ርዕሰ መምህሩ፣ ጥሩ ሰው ናቸው፣ ይህች መስመር ላይ ሲደርሱ መነጽራቸውን አወለቁ።

«ይኼ እንዲህ በግልጥ ይጻፋል?»

«ታዲያ በሹክሹክታ ይጻፍ?»

«ማህተም እኮ ነው የሚያርፍበት፣ መምህርት።»

ተከራክሬ ረታኋቸው። ግን ደብዳቤው ከመላኩ በፊት ለኮሚቴው መነበብ አለበት። ኮሚቴው ማለት ሦስት ሽማግሌ ነው። አንደኛው ቄስ ናቸው። ሁለተኛው ወረታ ላይ ትልቅ ሱቅ ያላቸው ሐጂ ናቸው። ሦስተኛው የልጅቷ አባት። ዛፉ ሥር ተቀምጠው ሦስቱም ጆሯቸውን ሰጡኝ። ቀኑን አነበብሁ፣ ሰላምታውን አነበብሁ፣ የትምህርት ቤቱን ችግር አነበብሁ፤ ያችው መስመር ላይ ስደርስ ቀና አልሁ። ቄሱ ያዩኛል። አባትየው ያዩኛል። ከአፌ የወጣው ምን ቢሆን ጥሩ ነው? «ለሴት ተማሪዎቻችን የሚሆን ልዩ ልዩ መገልገያ፣ የምትችሉትን ያህል።»

«እሰይ፣ መልካም ነው» አሉ ቄሱ፣ መረቁኝም። ምርቃቱን ተቀብዬ ቢሮ ገባሁና ደብዳቤውን እንዳነበብሁት አድርጌ መልሼ ጻፍሁት። ርዕሰ መምህሩ ወዲያው ማህተሙን መቱበት። ፊታቸው ላይ እፎይታ አየሁ፤ እሱ ነው የበለጠ ያናደደኝ።

ሱፐርማርኬቱ ምን ያድርግ? ሴት ተማሪ፣ ልዩ ልዩ መገልገያ፣ የምትችሉትን ያህል ሲባል የገመተውን ላከ። ለወር ያህል ትምህርት ቤታችን አብረቀረቀ። ሴቶቹ ተቀቡ፣ ወንዶቹ ከሴቶቹ ለምነው ተቀቡ፣ የርዕሰ መምህሩ ጢም እንኳን አንድ ጠዋት ሲያበራ አይቻለሁ፤ ጠይቄያቸው ካዱ። መስታወቶቹ ደግሞ ወንዶቹ እጅ ገብተው፣ ወደ ሰሌዳው በዞርሁ ቁጥር የፀሐይ ጨረር ፊቴ ላይ ይጨፍር ነበር። የሰፈሩ እናቶች ከልባቸው አመሰገኑኝ። «ይህ ትምህርት ቤት አሁን ትምህርት ቤት ሆነ» አለችኝ አንዷ።

ያች ልጅ ግን አልመጣችም። ድርሻዋን ጓደኛዋ ወሰደችላት። ሰሌዳ ፊት በቆምሁ ቁጥር የፊተኛው ወንበር ባዶ ሆኖ ያፈጥብኛል። ሁዳዴ ገብቶ እየተጋመሰ ነው፤ ዳግማይ ትንሣኤ እየቀረበ ነው። የይፋግ ሰዎችም ቃላቸውን አልረሱ።

ምስጋና ማቅረብ ስላለብን ቅርንጫፉ ጋ ደወልሁ። ምስጋናውን ሰጥቼ ዘጋ ማድረግ ይቻል ነበር፤ ግን አላስቻለኝም። «ቅባቱ ጥሩ ነው፤ የፈለግነው ግን እሱ አልነበረም» አልሁት ሥራ አስኪያጁን። ልጅነት ያለው ድምፅ ነው፣ ትሁት። አልተቆጣም።

«እኛም እኮ ገምተን ነው፣ ቲቸር። ምን እንደፈለጋችሁ ደብዳቤው አይናገርም። ምን ነበር?»

አጠገቤ ርዕሰ መምህሩ ቆመዋል፣ ከጎናቸው የስፖርት መምህሩ። «ምን መሰለህ... በአካል መጥተን ብናስረዳህስ?» አልሁት። አፌ ሲለጎም ሦስተኛ ጊዜ መሆኑ ነው።

«ኑ። ግን ቶሎ። ዋና መሥሪያ ቤት የምልከው ጥያቄ የፋሲካ ሳምንት አርብ ይዘጋል። ከዚያ ወዲያ የሚከፈተው በክረምት ነው።»

የስምንተኛ ክፍል ፈተና ደግሞ ከክረምቱ በፊት ነው። ኮሚቴው ተሰበሰበና ነገሩን እንደ ወጉ እናድርገው አለ። ደብዳቤ ሄዶ ቅባት ይዞ መጣ፤ አሁን ሰው ይሂድ። ሦስቱም ሽማግሎች ሊሄዱ ተስማሙ፤ እኔ የምሄደው አስረጂ ተብዬ ነው። አባትየው እሺ ሲሉ ሰምቼ ልቤ ተነካ። ልጃቸው ቤት ተቀምጣ፣ ለሰው ልጆች ሊለምኑ ባሕር ዳር ድረስ ይሄዳሉ። የሚለምኑት ምን እንደሆነ ግን አያውቁም።

የፋሲካ ሳምንት ሐሙስ ማለዳ መንገዱ ክፍት መሆኑን ጠይቀን ሚኒባስ ተሳፈርን። ቄሱ ጃንጥላቸውን፣ ሐጂ ነጭ ቆባቸውን፣ አባትየው አዲስ ጋቢና ከዘራቸውን ይዘዋል። መንገድ ላይ ሐጂ አንድ ሐሳብ አመጡ። «የምንለምነው ቀላል ነገር አይደለም። እንደ ሽማግሌ እንቁም» አሉ። ሁሉም ራሳቸውን ነቀነቁ። በእኛ ዘንድ ልጅ ሊጠይቅ የሄደ ሽማግሌ ተቀመጡ ስለተባለ ብቻ አይቀመጥም። የመጣበት ጉዳይ በጎ መልስ እስኪያገኝ ቆሞ ይጠብቃል። ይህን ለሱፐርማርኬት ያደረገ ሰው ከእኛ በፊት መኖሩን እንጃ።

መጀመሪያ ከጥበቃው ጋር ተያያዝን። ከዘራ ይዞ መግባት አይቻልም ይላል። «ሽማግሌ ያለ ከዘራ?» አሉ አባትየው፣ ከልባቸው ተገርመው። እኔ ገባሁበት፤ ጥበቃው ከእኔ ጋር ከመነታረክ ከዘራውን ማሳለፍ ይሻለዋል መሰለኝ፣ አሳለፈን።

ሥራ አስኪያጁ ከድምፁም ያነሰ ልጅ ነው። ክራባት አድርጓል፣ ደረቱ ላይ ስሙ ተለጥፏል። ቢሮው ከመጋዘኑ ጎን ያለች ጠባብ ክፍል ናት። ወንበር አስመጣ፣ ጭማቂ አስመጣ፣ ትልቅ ኬክ አስመጣ። «ተቀመጡ አባቶች።»

ሦስቱም ቆሙ።

«እባካችሁ ተቀመጡ።»

«ደህና ነን የኔ ልጅ፤ ቆመን ይሻለናል» አሉ ቄሱ። ሁዳዴውን ሙሉ ጾመው ከፈቱ ገና አምስተኛ ቀናቸው ነው፤ ዐይናቸው ከኬኩ ላይ አልተነሳም፤ እግራቸው ግን አልተነቃነቀም። ሽማግሌ ቆሞ እሱ ሊቀመጥ አይችልምና ልጁም ቆመ። እኔም ቆምሁ። አምስት ሰው አንዲት ጠባብ ክፍል ውስጥ ኬክ ከበን ቆምን። ልጁ ወደ እኔ ጠጋ ብሎ «ቲቸር፣ ተቀይመውብኛል እንዴ?» አለኝ። ወጉን ስነግረው ላቡን ጠረገ።

ቄሱ መረቁ፤ ረጅም ምርቃት። ሐጂ ቀጠሉ። እሳቸው ነጋዴ ስለሆኑ ስንገባ መደርደሪያውን ሁሉ ሲመረምሩ ነበር። «ስኳሩን ከበሩ አርቃችሁ ማስቀመጣችሁ ብልኅነት ነው። ሰው እሱን ፍለጋ ሲሄድ ሌላውን ሁሉ ያያል» አሉት። ልጁ ለመጀመሪያ ጊዜ ሳቀ። ከዚያ ኮምፒውተሩን ወደ ራሱ አዞረ።

«ዋና መሥሪያ ቤቱ የሚጠይቀኝ ሦስት ነገር ነው» አለ። «ምን፣ ለስንት ሰው፣ ለምን። ባለፈው ‹ምን› የሚለውን አላገኘሁትም። ዛሬ ንገሩኝና በትክክል ልሙላው።»

ሁሉም ወደ እኔ ዞሩ። አስረጂዋ እኔ ነኛ።

«ለሴት ተማሪዎቻችን...» አልሁ። «የ... ለንጽሕና የሚሆን...»

«ሳሙና!» አሉ ሐጂ፣ ሊያግዙኝ።

«ሳሙና መልካም ነው» አሉ ቄሱ።

«ሳሙና» አለ ልጁና መጻፍ ጀመረ።

ያን ጊዜ ደሜ ፈላ። በእነሱ አልነበረም፤ በገዛ አፌ ነው። ዳግማይ ትንሣኤ እሑድ ነው፣ ዛሬ ሐሙስ ነው፣ እኔ ደግሞ ሳሙና ይዤ ልመለስ ነው። «ሳሙና አይደለም!» ብዬ ጮህሁ። ልጁ እጁን ከኮምፒውተሩ ላይ አነሳ። እኔ ግን ወደ እሱ አልዞርሁም፣ ወደ አባትየው ነው የዞርሁት።

«ጋሼ፣ ልጅዎ ለምን እንደቀረች ጠይቀውኝ እንጃ ብዬዎት ነበር። ዋሽቼዎታለሁ። ሰሌዳ ላይ ቆማ ሒሳብ ስትሠራ የወር አበባዋ መጣባት፣ ደሙ ልብሷን ነካው፣ ወንዶቹ ሳቁባት። ትምህርቱ አልከበዳትም። ከሁሉም ትበልጣለች። የምትይዘው ጨርቅ ነው፣ የምትገባበት ሽንት ቤት በሩ አይዘጋም። አፍራ ነው የቀረች። እኛም ልንለምን የመጣነው ሞዴስ ነው። እሱን መናገር አፍሬ ነው ቅባት ያመጣሁባችሁ።»

ድምፄ መጨረሻው ላይ ተሰበረ። አላቅስም ብዬ ነበር፣ አለቀስሁ። ቄሱ ወለሉን ያያሉ። ሐጂ ቆባቸውን አውልቀው መልሰው አደረጉ። ከውጭ የመጋዘኑ ጋሪ ሲንኳኳ ይሰማል።

«እናቷ ታውቃለች?» አሉኝ አባትየው።

«ታውቃለች ጋሼ።»

«እንግዲያ የማላውቀው እኔ ብቻ ነኝ» አሉ። ይቆጡኛል ብዬ ጠበቅሁ። ከዚያ ከዘራቸውን ወደ ሌላው እጃቸው አዛውረው ወደ ልጁ ዞሩ።

«የኔ ልጅ፣ ጻፍ። ምን ላልኸው፣ ሞዴስ በል። ለስንት ሰው ላልኸው፣ መምህርቷ ትነግርሃለች። ለምን ላልኸው፣ የእኔ ልጅ ደም ባየች ቁጥር ከትምህርት ቤት እንዳትቀር፣ ብለህ ጻፍ። እንዲህ ብለህ እስክትጽፈው አልቀመጥም።»

ልጁ ጻፈው። ቃል በቃል ነው የጻፈው፤ አጎንብሼ አይቼዋለሁ። ከዋና መሥሪያ ቤቱ ፈቃድ እስኪመጣ ቅርንጫፉ በራሱ ሥልጣን የሚሰጠው አለ ብሎ ሠራተኛ ጠርቶ ከመደርደሪያው ካርቶኖች አስወረደ። «አሁንስ ትቀመጡልኛላችሁ?» አላቸው። አባትየው ተቀመጡ፣ ሁለቱም ተከተሏቸው። ቄሱ ኬኩን ሁለት ጊዜ አስደገሙ።

ልንወጣ ስንል ገንዘብ ተቀባይዋ ጥቁር ፌስታል ይዛ መጣች። ሞዴስ ሲሸጥ በጥቁር ፌስታል ወይ በጋዜጣ ተሸፍኖ ነው፤ እኔም ዕድሜዬን ሙሉ እንዲያ ነው የገዛሁት። «ምን ሰርቀናል?» አሏት አባትየው። አንዱን ካርቶን አንስተው ትከሻቸው ላይ አደረጉት፤ ጽሑፉ ወደ ውጭ ነው። ሚኒባሱ ውስጥም ጭናቸው ላይ ይዘውት ተጓዙ። ወረታ መናኸሪያ አንድ የሚያውቃቸው ሰው «ምን ጭነህ ነው?» ሲላቸው በስሙ ጠርተው ነገሩት። ሰውየው «በርታ» አላቸው።

ከመደብሩ ከመሄዳችን በፊት ግን አንድ ጣጣ ነበር። መደብሩ ለሰጠው ነገር ፎቶ ይፈልጋል። ባለፈው ሴቶቹ ልጆች መስታወት ይዘው ተሰልፈው ተነስተዋል፤ አሁንም ያንኑ ጠየቁን። «አይሆንም» አልሁ። «ልጆቹ ያፈሩበትን ነገር አስይዤ ጋዜጣ ላይ አላወጣቸውም።» ልጁ ገባው። በእነሱ ፋንታ ሦስቱ ሽማግሎች በሱፐርማርኬቱ በር ላይ ቆመው፣ ካርቶኑን ታቅፈው፣ ፊታቸውን ኮስተር አድርገው ተነሱ። ፎቶው ዛሬ ርዕሰ መምህሩ ቢሮ ተሰቅሏል። ከሌላ ትምህርት ቤት ደብዳቤ አጻጻፍ ሊጠይቁኝ የሚመጡ መምህራን መጀመሪያ የሚስቁት በእሱ ነው። እኔም ከሳቁ በኋላ እነግራቸዋለሁ። የምትፈልጉትን በስሙ ጥሩት፤ ‹የምትችሉትን ያህል› የምትለዋን ሰርዟት፤ አዲስ አበባ ከመጻፋችሁ በፊት ቅርንጫፉን ሂዱና በዐይናችሁ እዩት፤ ሲሰጧችሁ አመስግኑ፣ ሲሳሳቱም ንገሯቸው። ከቻላችሁ ቆማችሁ ለምኑ እላለሁ፤ ይህኛውን ቀልድ ይመስላቸዋል።

እሑድ የሆነውን የነገረችኝ እናትየዋ ናት። የይፋግ ሽማግሎች ረፋድ ላይ ደረሱ፣ አራት ሆነው አጥሩ ሥር ቆሙ። አባትየው ወጥተው ሰላም አሏቸው፣ የቤተሰቡን ደኅንነት ጠየቁ፣ ስለ ከብቱም ስለ መስኖውም ጠየቁ። ከዚያ እንዲህ አሏቸው፤ «ለእንግድነት ከመጣችሁ ግቡ፣ ቤቱ ቤታችሁ ነው፣ ተቀመጡ። ለልጄ ከመጣችሁ ግን ፈተና አለባት። እንደቆማችሁ ሂዱ።» ሽማግሎቹ እርስ በርስ ተያዩና ገብተው ተቀመጡ፤ ጠላ ጠጥተው ስለ ሽንኩርት ዋጋ አውርተው ሄዱ። ልጅቷ ከጎተራው ጀርባ ሆና ሁሉንም ሰምታለች።

ሰኞ ጠዋት ስም መጥሪያውን ከፈትሁ። ገና ቀና ብዬ ክፍሉን አላየሁም፤ ፈርቼ ነው፣ እውነቱን ልናገር። ስሞቹን በቅደም ተከተል እየጠራሁ እሷ ጋ ደረስሁ። ለወራት እንደለመድሁት እጄ የቀሪ ምልክት ሊያደርግ እስኪርቢቶዬን አሳርፎ ነበር። ጠራኋት።

«አቤት!» አለች።

የፊተኛው ወንበር ላይ ናት። ጸጉሯን በዚያ ቅባት ተቀብታ እንደ ሌሎቹ ታበራለች። ስም ጠርቼ ሳልጨርስ እጇን አወጣች። «ቲቸር፣ ያኔ ሰሌዳ ላይ የሠራሁት ልክ ነበር አይደል?» አለችኝ። ልክ ነበር አልኋት።